ዳንቴ ፌሬቲ «አስጌጭ» ብቻ ነውን? ለአንድ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ስለ ጣሊያናዊው የፊልም ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ስለ ዳንቴ ፌሬቲ የሥራ ዘመን የተጻፈ አንድ ሰፋ ያለ የአማርኛ ጽሑፍ አንብቤአለሁ። በቋንቋችን ስለ ተዋናዮችና ስለ ዳይሬክተሮች ብዙ ይጻፋል፤ ከካሜራው ፊት የሚታየውን ዓለም ስለሚገነቡት ባለሙያዎች ግን የሚጻፈው እጅግ ጥቂት ነው። ስለዚህ ጸሐፊው ይህን ርእስ መምረጣቸው ብቻውን ምስጋና ይገባዋል። ይሁን እንጂ ጽሑፉ ስለ ሰውየውም ሆነ ስለ ሙያው የሚሰጠው ሥዕል በብዙ ቦታ ከእውነት የራቀ ሆኖ ስላገኘሁት፣ ዝም ብሎ ማለፉ ተገቢ አልመሰለኝም።

ጽሑፉን ላላነበበ ሰው ፍሬ ነገሩን ላስቀምጥ። ፌሬቲ ዳይሬክተሩ ያዘዘውን ሥፍራ አሳምሮ የሚያሰናዳ አስጌጭ ነው ይላል። በጣሊያን ያሳለፋቸው ዓመታት የልምምድ ዘመን ሲሆኑ፣ እውነተኛው ሥራው የጀመረው ወደ አሜሪካ ፊልሞች ተሻግሮ ከዳይሬክተሩ ከማርቲን ስኮርሴዚ ጋር ሲገናኝ እንደሆነ ይተርካል፤ ለዚህም ሦስቱን የኦስካር ሽልማቶች ምስክር ይጠራል። ታሪካዊ ፊልሞቹን የድሮ ፎቶግራፎችና ሥዕሎች ቅጂ ያደርጋቸዋል። ለስኮርሴዚ ፊልም ለ«ጋንግስ ኦፍ ኒው ዮርክ» ሮም ውስጥ ከተማ መገንባቱን ከንቱ ወጪ ይለዋል። በመጨረሻም ኮምፒውተር ይህን ሙያ ስለተካው፣ በ2011 የወጣው «ሂዩጎ» የሙያው መሰናበቻ እንደነበረ ይደመድማል። (በዚህ ምላሽ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከመጀመሪያው ነጥብ ልነሣ፤ የቀሩት ስሕተቶች በአብዛኛው ከእርሱ የሚመነጩ ናቸውና። ፕሮዳክሽን ዲዛይነር የፊልሙ ድርሰት እንደተጠናቀቀ፣ ቀረጻ ከመጀመሩ ከብዙ ወራት በፊት ወደ ሥራ የሚገባ ሰው ነው። ድርሰቱን ያነባል፣ ዘመኑንና ቦታውን ያጠናል፣ የትኛው ትዕይንት በተፈጥሮ ሥፍራ፣ የትኛው ደግሞ በስቱዲዮ እንደሚቀረጽ ከዳይሬክተሩና ከፕሮዲዩሰሩ ጋር ይመክራል፣ ከዚያም ንድፉን ይሥላል። የእርሱ ንድፍ በአርክቴክቶች እጅ ወደ ግንባታ ፕላን ይለወጣል፤ አናጺው፣ ለሳኙና ቀለም ቀቢው ያንን ይዘው ይነሣሉ። ግድግዳው የት እንደሚቆም፣ በሩ በየት በኩል እንደሚከፈት፣ ጣሪያው ምን ያህል ዝቅ እንደሚል ሲወሰን፣ ካሜራው የት ሊቆም እንደሚችል፣ ብርሃኑ ከየት እንደሚመጣና ተዋናዩ ስንት እርምጃ እንደሚራመድ አብሮ ይወሰናል። ይህን ሁሉ ከማስጌጥ ጋር አንድ አድርጎ መናገር አርክቴክትን መጋረጃ ሰቃይ ብሎ እንደመጥራት ያህል ነው።

ነገሩን በአንድ የፌሬቲ ሥራ ላይ ማሳየት ይቻላል። በ1986 የወጣው የዣን ዣክ አኖ ፊልም «የጽጌረዳው ስም» ከኡምቤርቶ ኤኮ ልቦለድ የተወሰደ ሲሆን፣ ታሪኩ የሚፈጸመው በ1327 በሰሜን ጣሊያን በሚገኝ አንድ የተራራ ገዳም ውስጥ ነው። መነኮሳት በተከታታይ ይሞታሉ፤ የሞታቸው ምስጢር የተሸሸገው በገዳሙ ቤተ መጻሕፍት ነው፤ ቤተ መጻሕፍቱ ደግሞ ሆን ተብሎ የገባው ሰው እንዲጠፋበት የተሠራ ነው። ልቦለዱ ይህን ቤተ መጻሕፍት በአንድ ወለል ላይ የተዘረጋ፣ አንዱ ክፍል ወደ ሌላው የሚመራበት አድርጎ ያቀርበዋል። ለአንባቢ ይህ በቂ ነው፤ በቃላት እየተመራ ከክፍል ክፍል ሲሻገር ይጠፋል። ለፊልም ግን ችግር አለው። ካሜራ በአንድ ጊዜ የሚያየው አንዱን ክፍል ብቻ በመሆኑ፣ ተመልካቹ የሚመሳሰሉ ክፍሎችን በተከታታይ ቢመለከት መጥፋታቸውን ከተዋናዮቹ አፍ ይሰማ እንደሆነ እንጂ በዓይኑ ሊያየው አይችልም።

በፊልሙ ላይ የተገኘው መፍትሔ ቤተ መጻሕፍቱን ከወለሉ አንሥቶ ወደ ላይ ማቆም ነበር። ሮም በሚገኘው በቺኔቺታ የፊልም ስቱዲዮ ውስጥ የተገነባው ሥፍራ፣ ደረጃ በደረጃ ላይ እየተሻገረ ከፍ የሚል፣ በየመሐሉ መጻሕፍት የታጨቁባቸው ክፍሎች የተንጠለጠሉበት ረጅም ግንብ ነው፤ ያየው ሰው የጆቫኒ ባቲስታ ፒራኔዚን የወኅኒ ቤት ሥዕሎችና የማውሪትስ ኤሸርን መጨረሻ የሌላቸው ደረጃዎች ማስታወሱ አይቀርም። የሞቱን ምስጢር የሚመረምሩት መምህሩ ዊልያምና ደቀ መዝሙሩ አድሶ በዚህ ግንብ ውስጥ ሲለያዩ፣ አንዱ የሌላውን ድምፅ እየሰማ ሊደርስበት አይችልም። ወጣቱ ከልብሱ ክር እየተረተረ መንገዱን ምልክት ሲያደርግ ተመልካቹ የግራ መጋባቱን ልክ በአንድ እይታ፣ ከላይ እስከ ታች ያየዋል። እንዲህ ያለው ውሳኔ ካሜራው እንዴት እንደሚንቀሳቀስ፣ ተዋናዮቹ የት ቆመው እንደሚጣሩ፣ ትዕይንቱ ምን ያህል ጊዜ እንደሚወስድ ወስኗል። ዳይሬክተሩ ሐሳቡን አልሰጠም ማለቴ አይደለም፤ ሥራው የጋራ ነው። ነገር ግን በልቦለዱ ያልነበረ ሕንጻ ታስቦ፣ ተሥሎና ተገንብቶ ሳለ፣ የሠራውን ሰው ትእዛዝ ተቀባይ ማለት ውኃ የማያነሣ አነጋገር ነው።

የገዳሙ ውጫዊ ገጽታም እንዲሁ ነው። በአውሮፓ እስከ ዛሬ የቆሙት የመካከለኛው ዘመን ገዳማት በየዘመኑ ተጨምሮባቸዋል፣ ፈርሶባቸዋል፣ ታድሰዋል፤ የጥንቱን ግንብ ተደግፎ ከብዙ መቶ ዓመት በኋላ የተሠራ ደጃፍ ማየት የተለመደ ነው። ስለዚህ ከውስጥ ትዕይንቶቹ ከፊሎቹ በጀርመን ኤበርባህ ገዳም ሲቀረጹ፣ የውጪው ገዳም ከነግንቡ ከሮም ወጣ ባለ ኮረብታ ላይ እንደ አዲስ ተገነባ። ቤተ መጻሕፍቱን የያዘው ግንብ በግቢው ሁሉ ላይ እንዲያጠላ ተደርጎ ቆሟል። መነኮሳቱ ከጸሎት ወደ ማዕድ፣ ከማዕድ ወደ ሥራ ሲያልፉ ከእርሱ ጥላ አይወጡም፤ ስለዚህ ማንም ምንም ሳይናገር ተመልካቹ ፍርሃቱ ከየት እንደሚመጣ ያውቃል።

ከፌሬቲ ሥራዎች ሌላም አጭር ምሳሌ ልጨምር። ጣሊያናዊው ዳይሬክተር ፌዴሪኮ ፌሊኒ በ1970ዎቹ መጨረሻ የሠራው «የኦርኬስትራ ልምምድ» ከሞላ ጎደል ሙሉ በሙሉ የሚፈጸመው በአንድ አዳራሽ ውስጥ ነው፤ አዳራሹ መቃብሮች ያሉበት አሮጌ የጸሎት ቤት ነው። ሙዚቀኞቹ ከመሪያቸው ጋር ተጣልተው ሁከት ውስጥ ሲገቡ ትልቅ የማፍረሻ የብረት ኳስ ግድግዳውን ጥሶ ይገባል። ፊልሙ በአንድ ክፍል ስለሚያልፍ ክፍሉ አሰልቺ እንዳይሆን፣ በቂ ማዕዘን እንዲኖረው፣ በመጨረሻም በትክክለኛው ቅጽበት በትክክለኛው አቅጣጫ እንዲፈርስ ሆኖ መሠራት ነበረበት። ሊፈርስ የታሰበ ግድግዳ አፈራረሱም አብሮ ይነደፋል።

ወደ ሁለተኛው ነጥብ ስሻገር፣ የጣሊያን ዓመታትን የልምምድ ዘመን ማለት በቀላል የዓመታት ስሌት እንኳ የሚጸና አይደለም። ፌሬቲ በ1943 በማርኬ ክፍለ ሀገር በማቼራታ ከተማ ተወለደ። ወደ ሮም ሄዶ የሥነ ጥበብ ትምህርት ከተማረ በኋላ በዲዛይነሩ ሉዊጂ ስካቻኖቼ ሥር ረዳት ሆኖ ገባ። ልምምድ የሚባል ዘመን ካለ ይህ ነው፤ በዚህም ጊዜ በዳይሬክተሩ በፒየር ፓኦሎ ፓዞሊኒ ሦስት ፊልሞች ላይ ሠርቷል። ከእነርሱ የመጀመሪያው በ1964 የወጣው የማቴዎስ ወንጌል ፊልም ነው። የማቴራ ከተማ የዋሻ ቤቶች በዚያ ፊልም ኢየሩሳሌምን ሆነው መቅረባቸውን የፊልም ወዳጅ ሁሉ ያውቃል። አንድ ወጣት ረዳት ከዚያ ሥራ ሊቀስመው የሚችለው ትልቁ ትምህርት፣ የዲዛይነር ሥራ ከመገንባት በፊት በመምረጥ እንደሚጀምርና አንድ ሥፍራ ራሱ ሳይለወጥ ሌላ ሥፍራ ሊሆን እንደሚችል ነው።

በ1969 ፌሬቲ በራሱ ኃላፊነት የፓዞሊኒን «ሜዴአ» ሠራ፤ ገና ሃያ ስድስት ዓመቱ ነበር። ከዚያ በኋላ «ዴካሜሮን»፣ «የካንተርበሪ ተረቶች»፣ «የሺህ አንድ ሌሊት አበባ» እና «ሳሎ» ተከተሉ። ለእኛ አንባቢዎች ሊነገር የሚገባው አንድ ነገር እዚህ ላይ አለ፦ በ1974 የወጣው «የሺህ አንድ ሌሊት አበባ» ከየመን፣ ከኢራንና ከኔፓል ሌላ በዚያን ጊዜዋ ኢትዮጵያም ተቀርጿል። ጽሑፉ በአማርኛ የተጻፈ ሆኖ ይህን ሳያነሣ ማለፉ አሳዝኖኛል። በእነዚሁ ዓመታት ከኤሊዮ ፔትሪ ጋር «የሠራተኛው መደብ ወደ ገነት ይገባል» የተሰኘውን የፋብሪካ ፊልም ሠርቷል፤ ይህም ፊልም በ1972 በካን ፌስቲቫል ከፍተኛውን ሽልማት ከሌላ የጣሊያን ፊልም ጋር ተጋርቷል። ከፓዞሊኒ ጋር አምስት፣ ከፌሊኒ ጋር ሌላ አምስት ፊልሞችን በኃላፊነት የሠራ ሰው፣ ከስኮርሴዚ ጋር የመጀመሪያውን ፊልም በ1993 ሲያወጣ በዋና ዲዛይነርነት ሃያ አራት ዓመት አሳልፏል። ይህን ያህል ዘመን ልምምድ ብሎ መጥራት ይከብዳል።

ከፌሊኒ ፊልሞች መካከል በ1983 የወጣው «መርከቧም ትጓዛለች» ራሱን የቻለ ማብራሪያ ይገባዋል፤ ምክንያቱም ፌሬቲ በኋላ በአሜሪካ ፊልሞች ያሳየው አቅም በሙሉ ቀድሞ እዚያ ይታያል። ታሪኩ በሐምሌ 1914፣ የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ሊፈነዳ ሲል፣ የአንዲት ታላቅ የኦፔራ ዘፋኝን አመድ ይዘው በቅንጦት መርከብ ስለሚጓዙ ሰዎች ነው። መርከቧ ከቺኔቺታ አልወጣችም። የመርከቧ ወለል በሃይድሮሊክ መሣሪያ ላይ ተሠርቶ ይወዛወዛል፤ ባሕሩ ከፕላስቲክ የተሠራ ነው። ፕላስቲኩ ከታች በኩል እየተነቀነቀ ማዕበል ይመስላል፤ በላዩ ላይ ያረፈው ብርሃን ያብረቀርቃል፤ ሰማዩም በቀለም የተሠራ ነው። ተመልካቹ ይህን ያውቃል፣ እያወቀም ይቀበለዋል፤ እነዚያ መኳንንትና ዘፋኞች ራሳቸው ሊፈርስ በተቃረበ ሰው ሠራሽ ዓለም ውስጥ ይኖራሉና። በመጨረሻ ካሜራው ወደ ኋላ ተስቦ ስቱዲዮውን፣ መሣሪያውን፣ ሠራተኞቹንና የፕላስቲኩን ባሕር አንድ ላይ ያሳያል። አንድ ዲዛይነር ሥራው በካሜራ ፊት እንዲጋለጥ ተፈቅዶበት፣ ከተጋለጠ በኋላም ውበቱ ሳይቀንስ መቅረቱ ስለ ሥራው ጥራት ከማናቸውም ሽልማት በላይ ይመሰክራል።

ስለ ሽልማቱም ቢሆን ጽሑፉ ያቀረበው ታሪክ ሙሉ አይደለም። የፌሬቲ የመጀመሪያው የኦስካር እጩነት የመጣው ለቴሪ ጊሊያም «የባሮን ሙንካውዘን ጀብዱዎች» ነው፤ ያ ፊልም በዋናነት የተሠራው ሮም፣ ቺኔቺታ ውስጥ ነው። ሁለተኛው እጩነት የጣሊያናዊው የፍራንኮ ዜፊሬሊ «ሐምሌት» ነበር። በጠቅላላው ስድስት ፊልሞች ለእጩነት ካበቁት በኋላ ነበር «ዘ አቪዬተር» በ2005 የመጀመሪያውን ሐውልት ያመጣለት፤ «ስዊኒ ቶድ» በ2008፣ «ሂዩጎ» ደግሞ በ2012 ተከተሉ። ሦስቱም ሽልማቶች የተሰጡት ለሁለት ሰዎች ነው፤ ለእርሱና ለባለቤቱ ለፍራንቼስካ ሎ ስኪያቮ። እርሷ የሥፍራ ዕቃ ባለሙያ ናት፤ ወንበሩን፣ መብራቱን፣ የጠረጴዛውን ሳሕን፣ የሱቁን ዕቃ መርጣ፣ አስፈልጋ ወይም አሠርታ የተገነባውን ሥፍራ ሰው የሚኖርበት የምታደርገው እርሷ ናት። ጸሐፊው ለፌሬቲ የሰጡት የማስጌጥ ሥራ ለራሱ ከባድ ሙያ ሲሆን፣ በእነዚህ ፊልሞች ላይ ባለቤት አለው። ሦስቱን ሐውልቶች ሲቆጥሩ ስሟን አንድ ጊዜ እንኳ አለማንሣታቸው በጽሑፉ ውስጥ ካገኘኋቸው ግድፈቶች ሁሉ ከባዱ ይመስለኛል።

ሦስተኛው ነጥብ፣ ታሪካዊ ፊልሞቹ የድሮ ምስሎች ቅጂ ናቸው የሚለው፣ በራሱ በ«ጋንግስ ኦፍ ኒው ዮርክ» ይፈርሳል። ፊልሙ የሚጀምረው በ1846 ነው፤ ዋናው ክፍል ደግሞ በ1862 እና በ1863 መካከል ያልፋል። በማንሃተን የታችኛው ክፍል የነበረው የድኾች ሠፈር፣ ፋይቭ ፖይንትስ፣ በዚያን ዘመን በፎቶግራፍ በሰፊው አልተመዘገበም። ስለ ኒው ዮርክ ድኾች የምናውቃቸው ዝነኞቹ የጄኮብ ሪስ ፎቶግራፎች የተነሡት ከዚያ ከሃያ ዓመት በላይ ቆይቶ ነው፤ መጽሐፉም የታተመው በ1890 ነው። ስለዚህ ዲዛይነሩ የሚገለብጠው ምስል አልነበረውም። በኋላ ዘመን ከተነሡ ፎቶግራፎች፣ ከጋዜጣ ሥዕሎችና ከጽሑፍ ምስክርነቶች ተነሥቶ፣ የቆየው ቤት ምን ሊመስል እንደሚችል፣ የእንጨቱ ግድግዳ ስንት ክረምት እንዳለፈበት፣ ጭቃው እስከየት እንደሚደርስ በራሱ ፍርድ መወሰን ነበረበት። የታሪክ ጸሐፊ ከተቆራረጠ ማስረጃ ሙሉ ትረካ ሲያዋቅር ቅጂ ሠራ አይባልም፤ ለዲዛይነርም ሚዛኑ ሊለይበት አይገባም።

«ሜዴአ»ም ሌላ ማስረጃ ነው። በጥንት የግሪክ ታሪክ ላይ የተመሠረተ ፊልም ሲባል ሁላችንም የምንጠብቀው ነጭ የእብነ በረድ ዐምድ ነው። በፊልሙ ግን የሜዴአ አገር ኮልኪስ የተቀረጸችው በቱርክ ቀጰዶቅያ፣ ከዓለት በተፈለፈሉ አብያተ ክርስቲያናት መካከል ነው፤ የላሊበላን ወገን የሆነ ማንም ተመልካች የዚያን ዓለት ክብደት ወዲያው ያውቀዋል። ቆሮንቶስ ደግሞ ከውጭ የሶርያዋ የሐለብ ምሽግ ሆና፣ ከውስጥ በጣሊያን ፒዛ አደባባይ ላይ ተቀርጻለች። የሥፍራዎቹ ምርጫ የፓዞሊኒ ራእይ እንደነበረ አልክድም፤ ሦስት አገር፣ ሦስት ዘመን ያላቸውን ሥፍራዎች አንድ ዓለም አስመስሎ ማገጣጠሙ ግን የዲዛይነሩ ድርሻ ነበር። ከየትኛውም መጽሐፍ የተቀዳ ምስል በዚያ ፊልም ውስጥ አይገኝም። በ1997 የወጣውን «ኩንዱን»ንም ማንሣት ይቻላል፦ ስለ ዳላይ ላማ የሚተርከውን ፊልም በቲቤት መቅረጽ ስለማይቻል፣ የላሳ ሥፍራዎች በሞሮኮ ዋርዛዛት ተገነቡ። ፌሬቲ በዚያ ፊልም ልብሶቹንም ጭምር ነድፏል፤ ለልብሱም ለኦስካር ታጭቷል።

አራተኛው ነጥብ ወጪ ነው። እዚህ ላይ ለጸሐፊው የሚገባቸውን ልስጥ፦ «ጋንግስ ኦፍ ኒው ዮርክ» ውድ ፊልም ነበር፤ በ2001 ይወጣል ተብሎ ወደ 2002 መጨረሻ ተሸጋግሯል። ነገር ግን መዘግየቱን በግንባታው ላይ መጫን ትክክል አይደለም። ከቀረጻው በኋላ በፊልሙ ርዝመት ላይ በዳይሬክተሩና በአከፋፋዩ ድርጅት መካከል የነበረው ረጅም ክርክር በስፋት የሚታወቅ ነው። ጸሐፊው ደግሞ ኒው ዮርክ ሄዶ መቅረጽ ይቻል ነበር ይላሉ። የት? ፋይቭ ፖይንትስ ከተደመሰሰ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኖታል፤ ዛሬ በቦታው ላይ የመንግሥት የፍርድ ቤት ሕንጻዎችና የኮለምበስ መናፈሻ ይገኛሉ። በዓለም ላይ ያንን ሠፈር አግኝቶ የሚቀርጽበት አንድም ማዕዘን የለም።

ሠፈሩ መገንባት ካለበት ደግሞ የሚገነባው የእጅ ሙያው በተጠራቀመበት ቦታ ነው። ቺኔቺታ በ1937 የተከፈተ ስቱዲዮ ሲሆን፣ ከአባት ወደ ልጅ ሲተላለፍ የኖረ የአናጺ፣ የለሳኝና የቀለም ቀቢ ጥበብ አለው፤ አዲስን ጣውላ በሳምንት ውስጥ ሃምሳ ዓመት ዝናብ የመታው ማስመሰል እዚያ የዕለት ሥራ ነው። ፌሬቲ ሌላ ጊዜም በዚሁ መንገድ ሄዷል፦ የአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ታሪክ የሆነው «ኮልድ ማውንቴን» በአብዛኛው በሮማኒያ፣ የ1940ዎቹ ሎስ አንጀለስ የሚታይበት «ዘ ብላክ ዳህሊያ» ደግሞ በቡልጋሪያ ዋና ከተማ በሶፊያ በተገነቡ ሥፍራዎች ተቀርጸዋል። በውድ ከተማ መንገድ ዘግቶ፣ መኪናና የኤሌክትሪክ ምሰሶ ደብቆ ከመቅረጽ ይልቅ መገንባት ብዙ ጊዜ የሚቀል እንደሆነ ፕሮዲዩሰሮች ያውቁታል።

ግንባታው ያስገኘውን ነገር ፊልሙ ሲጀምር ማየት ይቻላል። የአየርላንድ ስደተኞቹ በአሮጌው የቢራ ፋብሪካ ጥልቅ ክፍሎች ውስጥ ለጦርነት ይዘጋጃሉ፤ በችቦ ብርሃን፣ በጠባቡ መተላለፊያ፣ ከእንጨት መዋቅሩ ሥር እየተጠራቀሙ ወደ በሩ ይተማሉ። በሩ በእርግጫ ሲከፈት ነጭ በረዶ የለበሰው ባዶ አደባባይ ይታያል። ከጨለማውና ከጥበቱ ወደ ብርሃኑና ወደ ስፋቱ የሚደረገው ሽግግር የፊልሙን ሁሉ መንፈስ ይናገራል፤ ማንም ቃል ሳይተነፍስ የሠፈሩ ጌትነት የሚለይበት ሜዳ የትኛው እንደሆነ እናውቃለን። አደባባዩ፣ ጎዳናዎቹና ወደቡ እውነተኛ ሆነው ስለቆሙ ስኮርሴዚ ካሜራውን ወደ ፈለገበት አቅጣጫ ማዞር ይችል ነበር።

ይህ ወደ መጨረሻው ነጥብ፣ ወደ ኮምፒውተር ጉዳይ ያደርሰናል። የ«ስታር ዋርስ» ዳይሬክተር ጆርጅ ሉካስ ቺኔቺታ ድረስ መጥቶ ያንን ከተማ ባየ ጊዜ እንዲህ ያለው ነገር አሁን በኮምፒውተር ሊሠራ እንደሚችል ለስኮርሴዚ መናገሩ በሰፊው ይጠቀሳል። ጸሐፊውም የሚከተሉት ያንኑ አስተሳሰብ ነው። ነገር ግን ከዚያ በኋላ የመጡት ዓመታት ያሳዩት ሌላ ነው። ዳይሬክተሩ ቲም በርተን «ስዊኒ ቶድ»ን ሲያቅድ ሥፍራዎቹን በአብዛኛው በኮምፒውተር ለመሥራት አስቦ ነበር፤ ሐሳቡን የለወጠው ተዋናዮቹ የሚዘፍኑ በመሆናቸው ነው። በኋላ በኮምፒውተር ምስል በሚተካ አረንጓዴ መጋረጃ ፊት ቆሞ መዝፈን ከእውነት ይበልጥ እንደሚያርቃቸው ስለተረዳ የለንደኑ ጎዳና፣ የፀጉር ቆራጩ ክፍልና የሥጋ ዳቦ መሸጫው በፓይንውድ ስቱዲዮ ተገነቡ። ፊልሙ ለፌሬቲና ለሎ ስኪያቮ ሁለተኛውን ኦስካር አመጣ።

መሰናበቻ የተባለው «ሂዩጎ» ደግሞ የጸሐፊውን መደምደሚያ ከሁሉ በላይ የሚያፈርስ ፊልም ነው። በአንድ ምሽት፣ በ2012፣ ይህ ፊልም በሥፍራ ዲዛይንም በኮምፒውተር በሚሠራው የእይታ ተጽዕኖም ኦስካር አሸንፏል። ሁለቱ ሙያዎች በአንድ ፊልም ላይ አብረው ከፍ ያለውን ሽልማት ከወሰዱ፣ አንዱ ሌላውን ገድሏል የሚለው አባባል ከየት ይመጣል? በእንግሊዝ ሼፐርተን ስቱዲዮ ውስጥ የ1930ዎቹ የፓሪስ ባቡር ጣቢያ ተገነባ፤ ሱቆቹ፣ ካፌው፣ ባለታሪኩ ልጅ የሚኖርበት፣ ከጣቢያው ሰዓት በስተጀርባ ያለው መተላለፊያ ተዋናዩ የሚነካቸው፣ የሚደገፍባቸው ሆነው ተሠሩ፤ ኮምፒውተሩ ጣሪያውን ከፍ አደረገ፣ ከተማውንም ከመስኮቱ ባሻገር ዘረጋ። የጣቢያው መጠን፣ ቀለሙና የብረቱ ቅርጽ ከንድፉ የመጣ በመሆኑ፣ በኮምፒውተር የተጨመረውም ክፍል የተከተለው ያንኑ ንድፍ ነው። ኮምፒውተር የሚሠራው ዓለምም ቢሆን አስቀድሞ ሊታሰብና ሊነደፍ ይገባዋል፤ ያ የዲዛይነር ሥራ ነው።

በዚያው ፊልም ውስጥ ፌሬቲ ከሲኒማ ቀደምት ሰዎች አንዱ የሆነውን የፈረንሳዊውን የጆርጅ ሜሊየስን የመስታወት ስቱዲዮ እንደገና ሠርቶታል። ሜሊየስ በ1897 በፓሪስ አጠገብ በሞንትረይ ግድግዳውና ጣሪያው መስታወት የሆነ ስቱዲዮ ያሠራው፣ ቀረጻው የፀሐይን ብርሃን ስለሚፈልግ ነበር። ፊልሞቹን ራሱ ያዘጋጅ፣ ራሱ ገንዘብ ያወጣባቸው፣ ራሱ የኋላ ሸራዎቹን ይነድፍ፣ ራሱ ይተውንባቸው ነበር፤ በስተርጅናውም በሞንፓርናስ ጣቢያ መጫወቻ ይሸጥ ነበር። የፊልም ዲዛይን ከሲኒማው ጋር አብሮ የተወለደ ሙያ እንደሆነ ከዚህ በላይ የሚያስረዳ የለም። ያንን ስቱዲዮ እንዲያስነሣ የተመረጠው ሰው በፕላስቲክ ባሕር ላይ መርከብ ያቆመው ፌሬቲ መሆኑም ትክክለኛ ምርጫ ነበር ብዬ አምናለሁ።

«ሂዩጎ» የመጨረሻው ሥራ አለመሆኑ ደግሞ በቀላሉ የሚጣራ ነው። በ2013 የኒው ዮርኩ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም የፌሬቲን ንድፎችና የግንባታ ሥራዎች የሚያሳይ ዐውደ ርእይ ከፈተ። በ2015 የወጣው የኬኔት ብራና «ሲንደሬላ» ትልቁ የዳንስ አዳራሽ በፓይንውድ በእጅ የተገነባ ነው። በ2016 ከስኮርሴዚ ጋር ዘጠነኛው ፊልማቸው «ሳይለንስ» ወጣ። በዚህ ፊልም የአሥራ ሰባተኛው ክፍለ ዘመን ጃፓን የተሠራችው በታይዋን ነው፤ ያጌጠ አዳራሽም ሆነ የተሳለ ሰማይ የለም። ያለው የድኻ ዓሣ አጥማጆች ጎጆ፣ እርጥብ መሬት፣ ጭጋግና ክርስቲያኖች የሚደበቁበት ጠባብ ክፍል ነው። ይህ የፌሬቲ ሥራ ለእይታ የበቃው እርሱ ሰባ ሦስት ዓመት ሲሆነው፣ ጽሑፉ ሙያው አበቃ ካለበት ዓመት አምስት ዓመት ቆይቶ ነው።